ሐጂ ራሳቸውን ሆነው የተወኑ ዕለት

እስቲ ልጠይቃችሁ፤ ሰው ራሱን ሆኖ መተወን ይከብደዋል? በኛ በከሚሴ አይከብድም። የሚከብደው ከትወናው መውጣቱ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። እኔ ባጃጅ ነጂ ነኝ። የምወዳት ዘሃራ ደግሞ የሐጂ ሰይድ ልጅ ናት። ሐጂን የማያውቅ የጨፋ ማሽላ ነጋዴ የለም። ሽማግሌ በላክሁ ቁጥር «ገና ልጅ ናት» ይላሉ። ልጅቱ እኮ ዲግሪዋን ይዛ ቤት ተቀምጣለች! ይባስ ብሎ ደሴ ላለ ባለሱቅ ሊድሯት ነው ሲባል ሰማሁ። እህል መቅመስ አቃተኝ።

በዚህ መሃል ከአዲስ አበባ አንዲት ዳይሬክተር መጣች። ስለ ወሎ ጋብቻ ዘጋቢ ፊልም ትሠራለች። ተዋናይ አልፈልግም፣ ሁሉም ራሱን ሆኖ ይቅረብ አለች። የኦሮምኛ አስተርጓሚዋ ማን ብትሆን ጥሩ ነው? ዘሃራ! ሰዎቹንም የመረጠችላት እሷው ናት። አባት ሐጂ፣ ጠያቂ እኔ፣ ሽማግሌ ደግሞ እኒያው ሲመላለሱልኝ የከረሙት ሸህ እንድሪስ። ሐጂ መታየት ይወዳሉ። ለፊልም ከሆነ ምን ቸገረኝ ብለው ነጭ ጀለቢያቸውን አስተኮሱ።

ቀረጻው ተጀመረ። ሸህ ጠየቁ። ሐጂም ጉሮሯቸውን ጠርገው፣ ካሜራውን እያዩ፣ «ልጄን ሰጥቻለሁ!» አሉ። ሸህ ወዲያው እጃቸውን ዘርግተው ዱዓ አደረጉ። ቤቱ ሙሉ አሚን አለ።

ዳይሬክተሯ ካሜራውን አይመልከቱ፣ እንደገና እንሞክረው አለች። ሸህ እንድሪስ ግን ጫማቸውን እየፈለጉ ነው።

«እንደገና ምን? ተሰጠች እኮ!»

«ኩን ፊልሚ ዳ! ፊልም ነው እኮ!» ብለው ሐጂ ጮኹ።

«ፊልሙ ላይ አንተ ማን ነህ?» አሉ ሸህ።

«ራሴ ነኛ!»

«ልጅቱስ?»

«ልጄ ናታ!»

«ታዲያ ማን ቀረ? ሐጂ፣ ጋብቻ በቀልድም ምር መሆኑን አታውቅም?»

ሐጂ አሚን ያሉትን ሰዎች አንድ በአንድ አዩ። ዱዓ የተደረገበትን ቃል አጥፈው ነገ የትኛው መስጊድ ሊቆሙ ነው? ከጓዳ ደግሞ ማንም ያላዘዘው እልልታ ቀለጠ። አስተርጓሚያችን ናት። በመጨረሻ ሐጂ፣ «በሉ እንግዲህ፣ አልሐምዱሊላህ፤ ኸይር ያድርገው» አሉ። እኔ ዘለልሁ። ካሜራ የያዘውን ሰውዬ አቅፌ ሳምሁት። ዕድሜ ልኬን እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ፊልሙ አልቆ ከሚሴ ሲታይ ከባለቤቴ ከዘሃራ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጠን አየነው። ሐጂ አሉ፣ ሸህ አሉ፣ እልልታውም አለ። የኔ ዝላይ ግን የለም። ምነው ብዬ ዳይሬክተሯን ብጠይቃት፣ ሁሉም ራሳቸውን ሆነዋል፣ አንተ ግን ትወና አበዛህ አለችኝ።