ደሴቱ ወንድ አላስገባም ያለ ዕለት

ሕልም አየሁ ሲሏችሁ «በጎ» ማለት የእናንተ ፈንታ ነው፤ ስለዚህ ከመጀመሬ በፊት በጎ በሉኝ። ይኼኛው የሌሊት ሕልም አይደለም። ትናንት በጠራራ ፀሐይ፣ ጣና ላይ፣ በቆመ ጀልባ ውስጥ ተቀምጬ ያየሁት ነው። የቀን ሕልም አይፈታም ይላሉ። እኔም ፍቱልኝ አላልኩም።

ጀልባው ላይ ምን እንዳመጣኝ ልንገራችሁ። ሰው ሰብስቦ፣ በአውቶቡስ ጭኖ፣ ደጋውንና ግንቡን፣ ገደሉንና ደሴቱን ለቀናት የሚያዞር አንድ አስጎብኚ ድርጅት አለ። ስንነሣ ሁላችንም ቢጫ ኮፍያ ታደለን። ከሩቅ ሲያዩን የአደይ አበባ መስክ እንመስላለን፤ ከቅርብ ግን መንገድ የጠፋበት ሠርገኛ ነን። አስጎብኚያችን ይበልጣል ይባላል፤ ሳይተነፍስ የሚያወራ ጎልማሳ ነው። ገደል ባየ ቁጥር ያስወርደንና፣ ጠጋ ብላችሁ እዩ፣ ግን እንዳትጠጉ ይለናል። ከአዲስ አበባ ስንነሣ «እትዬ እታገኘሁ» ነበርኩ። ዓባይ በረሃ ስንወርድ «እማማ» አለኝ። ማዶ ወጥተን ደጀን ስንደርስም «እትዬ»ዬ አልተመለሰልኝም።

እኔ ግን ተራራ ለማየት አልተመዘገብኩም። የተመዘገብኩት ከሚጎበኙት ቦታዎች መካከል የአቦ ደሴት እንዳለ ስለሰማሁ ነው። እዚያ ደሴት ላይ ታናሽ ወንድሜ አንዳርጌ አለ። ዛሬ ስሙ አባ ወልደ ሰማዕት ነው። ሲመነኩስ እንደ ደንቡ የሙታን ፍትሐት ተደረገለት፤ ከዚያ ወዲህ ለዓለም ሞቷል። እናታችን ስታርፍ ሰው ላክንበት። ለዓለም የሞተ ሰው ለቅሶ አይደርስም የሚል መልስ መጣ። ነገሩን ሳሰላስለው ኖርኩ። ወንጌሉ እኮ ሙታን ሙታናቸውን ይቅበሩ ነው የሚለው፤ እንግዲያማ ዋናው ቀባሪ እሱ ነበር። ቢጫ ኮፍያ አድርጌ ያን ሁሉ አገር የተንከራተትኩት ይህን ልነግረው ነው። ሞቻለሁ ካለም ዓይኔን እያየ፣ በገዛ አፉ ይንገረኝ ብዬ ነው።

ደሴቱን ሴት አትረግጠውም። ወንዶቹ ወጥተው አይተው እስኪመለሱ ሴት ጀልባ ላይ ትጠብቃለች። ይበልጣል አባን ፈልጎ እስከ ውኃው ዳር እንዲወርዱልኝ ሊለምንልኝ ቃል ገባና ሄደ። ከወንዶቹ የቀሩት ጋሽ ቢተው ብቻ ናቸው፤ ጉልበታቸው ዳገት አይችልም። ውኃው ሆድ ያላውሳል ብለው አንድ ኪኒን ሰጡኝ። እኔ ነጠላዬን አስተካክዬ፣ የምለውን በልቤ እየደገምኩ ቁጭ አልኩ። ኪኒኗ ሆዴን አልነካችውም። ዓይኔን ግን ከደነችው።

ወዲያው አውቶቡሱ ውስጥ ነበርኩ። አውቶቡሱ ቆሟል፤ የሚሄደው አገሩ ነው። የጤፍ ማሳው በመስኮት አለፈ። ገደሉ ተከተለው። አንድ ወንዝ ድልድዩን በትከሻው ተሸክሞ እያለከለከ አለፈ። ከዚያ ተራሮቹ በቡድን መጡ። ቢጫ ኮፍያ አድርገዋል። ጉና ከፊት ነበር፤ ጮቄ ጉም ተከናንባ፣ ቁርሱ ቀዝቃዛ ነበር እያለች ከኋላ ትጎተታለች። ይበልጣል ደጅ ቆሞ እኛን ያስረዳቸዋል። እነሱ ጎንበስ እያሉ በመስታወቱ ያዩናል።

በመጀመሪያ ያሳያቸው ጋሽ ቢተውን ነው። ይህ የቀድሞ ዘመን ሥራ መሆኑን፣ ብዙ መንግሥት ሲያልፍ ቆሞ ማየቱን፣ በምን እንደተሠራ ግን እስከ ዛሬ ሊታወቅ አለመቻሉን ነገራቸው። ጉና አንገቱን አስገባ።

«እንዳለ ነው ወይስ ታድሷል?»

«ጥርሱ ታድሷል። የቀረው የጥንቱ ነው።»

ጋሽ ቢተው ቅርስ መሆናቸውን ሲሰሙ ደረታቸውን ነፍተው መንቀሳቀስ አቆሙ። ቀጥሎ ይበልጣል እጁን ወደ እኔ ዘረጋና፣ ይህች ስንጥቅ ስላለባት ለጊዜው ዝግ ናት አለ። ከመቀመጫዬ ተነሣሁ። ዝግ አለመሆኔን፣ ስንጥቁንም ያወጣው የገዛ ወንድሜ መሆኑን፣ እሱን እስካገኝ ድረስ ማንም መጥቶ እንደማይለስነኝ ነገርኳቸው። ጮቄ ደነገጠች። ቅርስ ይናገራል ወይ ብላ ጠየቀች። ይበልጣል ይቅርታ ጠይቆ፣ እነዚህን ማናገርም ማብላትም ክልክል ነው አላቸው። ጉና ግን ቀድሞ በመስኮት አንድ እፍኝ በረዶ አቀብሎኝ ነበር። ቃምኩት። ጨው ይጎድለዋል።

በረዶው አፌ ውስጥ ሳይሟሟ የነገሥታቱ ግንብ ዘንድ ደረስን። ግንቡ ተገልብጦ በማማዎቹ ቆሟል፤ ደረጃው ወደ ታች ያስወጣል። ዙፋኑ ላይ የተቀመጠው የግንቡ ዘበኛ ነው። ጫማውን አውልቆ፣ ጓሮውን በደንብ አልጠረጋችሁም እያለ ነገሥታቱን ይቆጣል። በሩ ላይ አንድ ንጉሥ የዘበኛ ካፖርት ደርቦ በርጩማ ላይ ተቀምጧል። ዘውዱን ገልብጦ፣ ከሰል ሞልቶበት፣ በቆሎ ይጠብስበታል። ማንን ፈልገሽ ነው አለኝ። ወንድሜን አልኩት።

«የሞተ ነው በሕይወት ያለ?»

«በሕይወት አለ። ግን ፍትሐት ተደርጎለታል።»

«እንግዲያ የእኛ ነው።»

«የእናንተ ከሆነ ጥሩልኝ።»

«ሙት አይጠራም። አንቺ ነሽ ወደ እኛ የምትሻገሪው።»

«አልሞትም። ነገ ጠዋት ቁርስ በፕሮግራሙ ላይ አለ።»

ንጉሡ በቆሎውን አገላበጠና አሰበ። ቁርስ ካለማ ከባድ ነው አለ። ቢሆንም ደንብ ደንብ መሆኑን፣ እነሱ ያን ያህል ሠራዊት እያላቸው እንኳ ተራቸው ሲደርስ ያለ ክርክር መሞታቸውን እንዳልረሳ መከረኝ። ሳትከራከሩ የሞታችሁት የእናንተ ጉዳይ ነው አልኩት። እኔ የመጣሁት ልከራከር ነው። በቆሎውን ለሁለት ሰበረና ግማሹን ሰጠኝ። ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ የአንቺ ሙት በውኃው በኩል ነው ብሎ በሩን ከፈተው። ከበሩ ማዶ ጣና ነበር።

ደሴቱ ዛፎቹን እንደ መቅዘፊያ እየነከረ ወደ እኛ መጣ። ዳሩ ላይ አሮጊት መነኮሳይያት መቋሚያቸውን ተደግፈው ተሰልፈዋል። ከፊታቸው ሰሌዳ ተተክሏል፤ ወንድ አይገባም ይላል። ጀልባው ላይ የጉዟችን ወንዶች ሁሉ ነጠላ ተከናንበው፣ ጉልበታቸውን ገጥመው፣ ዝም ብለው ተቀምጠዋል። ይበልጣል ለመጀመሪያ ጊዜ የሚለው ጠፍቶበታል። ስትመለሺ ውስጡ ምን እንደሚመስል ትነግሪናለሽ አይደል እያለ እጄን ይዞ ለመነኝ። ጠጋ ብለህ እይ፣ ግን እንዳትጠጋ አልኩት።

ዳሩ ላይ አንድ አውራ ዶሮ ተይዟል። ሴት ነኝ ብሎ ይምላል። መነኮሳይያቱ አልተቆጡትም፤ እንቁላል እስኪጥል ከበው ይጠብቁታል። ዶሮው እያማጠ፣ ዛሬ ዛሬ እንቁላል ተወዷል ብሎ ነገር ሊያስቀይር ይሞክራል።

እኔ እግሬን አነሣሁና ደሴቱን ረገጥኩት። ምንም አልሆነም። ያን ሁሉ ዘመን የተከለከልነው እንደማንኛውም አፈር ነበር። ጫማዬ ላይ ጭቃ ያዘ።

እመምኔቷን ወንድሜን አሳዩኝ አልኳቸው። ሳቁብኝ። ወንድምሽ ወንድ አይደለም እንዴ፣ ወንድማ እዚህ ምን ይሠራል አሉኝ። በመቋሚያቸው ወደ ውኃው አሳዩኝ። መነኮሳቱ ሁሉ ተሰብስበው ጀልባ ላይ ወጥተዋል። አንዳርጌ ቆቡን ደፍቶ በእኔ ቦታ ተቀምጧል። ጋሽ ቢተው ኪኒን ሊሰጡት ኪሳቸውን ይዳብሳሉ።

ሮጬ ተመልሼ ጀልባው ላይ ወጣሁ። እኔ ስወጣ እሱ ወረደ። እመምኔቷ ሰሌዳውን ገለበጡት፤ ጀርባው ላይ ሴት አትገባም ይላል። እንደገና ዘልዬ ወረድኩ። ሰሌዳው ተገለበጠ፤ እሱ ጀልባው ላይ ነው። ወጣሁ፤ ወረደ። ወረድኩ፤ ወጣ። ዶሮው ማማጡን ትቶ ያየናል። በመጨረሻ ትንፋሼ ሲቆረጥ እመምኔቷ ፊት ቆምኩ።

«እሜቴ፣ ይህ ደንብ በዚህም ቢገለብጡት በዚያም ቢገለብጡት የሚወድቀው በእኔና በወንድሜ መካከል ነው?»

«ልጄ፣ የደንብ መቀመጫው መካከል ነው።»

«እንግዲያ ይነሣልኛ።»

ሰሌዳውን በሁለት እጄ ይዤ ሳብኩት። ሥር ሰዷል። እንደ ዝንጅብል ከሥር እየተፈለፈለ፣ ረጅም፣ ቅርንጫፍ ያለው ሥር ወጣ። መነኮሳይያቱ ተዪው አላሉኝም፤ እንዲያውም አንዷ ወገቤን ይዛ ሳበችልኝ። ሰሌዳው ሲነቀል ደሴቱ መልሕቁ እንደተፈታ መርከብ ተወዛወዘ። አንዳርጌ ጀልባው ላይ ብድግ አለ። ፊቱን አዞረልኝ። ሽበት አብቅሏል። ሞተሃል ወይ አልኩት። ሊመልስልኝ አፉን ከፈተ፤ ከአፉ የወጣው ግን የሞተር ድምፅ ነበር።

ነቃሁ። ሞተሩ ተነሥቷል። ወንዶቹ ሁሉ ተመልሰው ተቀምጠዋል፤ ፎቶ እያሳዩ፣ ሥዕሉ እንዴት ያምራል ይባባላሉ። ጀልባው ፊቱን ሊያዞር ቀስ እያለ ወደ ኋላ ይሸሻል። ደሴቱ የተለመደው ደሴት ነው። አባ ወረዱ ወይ ብዬ ጠየቅኩ። ይበልጣል፣ ያ ለገደሉ ለድልድዩ ሁሉ ታሪክ የማያጣ ሰው፣ የኮፍያውን ጫፍ ያፍተለትላል።

የነገሩኝ ጋሽ ቢተው ናቸው። ወንድሜ ወርዶ ነበር። ከጀልባው ከዚህ እስከዚያ በምትርቅ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ቆየ። ይበልጣል ሊቀሰቅሰኝ ትከሻዬን ሲይዝ ከዳር ሆኖ በእጁ ከለከለው። እነሱም የአባ ቃል አይታጠፍም ብለው ተዉኝ። ማንኮራፋቴን ሳይቀር ሁሉም በጨዋ ደንብ አልሰማንም ብለው ተቀመጡ። ከዚያ ደወል ተደወለና ተነሥቶ ወደ ዳገቱ ወጣ።

ምን አለ አልኳቸው። ጋሽ ቢተው ወደ ውኃው ዞር አሉ።

«‹ተዉአት ትተኛ› አሉ። ‹እኔን አዝላ ስንት ሌሊት ቆማ አድራለች› አሉ።»

ሙት እንዲህ ያለ ነገር አያስታውስም።

ሞተሩን አጥፋው አልኩት የጀልባውን ሾፌር። ይበልጣል ጢስ ዓባይ በጊዜ መድረስ እንዳለብን፣ ፕሮግራሙ ከተናጋ ሁሉም እንደሚናጋ፣ አባንም ደብዳቤ ብጽፍላቸው እሱ ራሱ እንደሚያደርስልኝ፣ «እማማ» እያለ አስረዳኝ። እኔ ጫማዬን አውልቄ እያስቀመጥኩ ነበር። ሾፌሩ ሊይዘኝ ብድግ ሲል፣ ደሴቱ የሚጀምረው ከየት ነው ብዬ ጠየቅኩት። ከአፈሩ ነው አለ። አፈሩን አልነካም አልኩና ቀሚሴን ሰብስቤ ውኃው ውስጥ ወረድኩ። እስከ ጭኔ ደረሰ። ቀዝቃዛ ነው። ወደ ዳሩ ተጠጋሁና ክንድ ሲቀረኝ ቆምኩ። ሾፌሩ አማተበ፤ ሞተሩን ግን አጠፋው።

«አንዳርጌ» ብዬ ተጣራሁ።

ጀልባው ላይ ካሉት አንዱ፣ ያ ስማቸው እኮ የለም፣ ሞቷል ብሎ አንሾካሾከ። ደግሜ ተጣራሁ፤ እናታችን ከወንዝ ስትጠራው እንደምታደርገው የስሙን መጨረሻ ስቤ። ከዳገቱ ምንም አልመጣም። ውኃው ጉልበቴን ይገፋኛል። ይበልጣል ኮፍያውን አውልቆ፣ ከዚህ አይሰማም፣ ርቀዋል አለኝ። አላመንኩትም። ሦስተኛ ተጣራሁ።

ከዛፎቹ መካከል፣ ሩቅም ካልሆነ ቦታ፣ አንድ ሰው ሳለ። ሳሉን አውቀዋለሁ። ከሕፃንነቱ ጀምሮ ሊያለቅስ ሲል ነው የሚያስለው።

«ነቅቻለሁ» አልኩት። «ና ውረድና፣ ሞተህ እንደሆነ አንተው ንገረኝ።»