ምላጭ በእጃቸው፣ ሲታር በጆሮዬ

ከሐሜተኛም ከነገረኛም የከፋ ሰው አለ፤ የወደድኩትን ሙዚቃ ካላሰማኋችሁ ሞቼ እገኛለሁ የሚል ሰው። ሐሜተኛን ሸሽቶ ማምለጥ ይቻላል። የእኔው ግን ፀጉር አስተካካይ ናቸው። አንቱ የምላቸው በዕድሜ ስለሚበልጡኝ አይደለም፤ ምላጩ በእጃቸው ስለሆነ ነው።

ክቡርነታቸው ራሳቸው የለቀሙት የዳንስ ሙዚቃ ስብስብ አላቸው። ሲታር የሚሉት የህንድ ክራርና ታብላ የሚሉት ከበሮ ከኤሌክትሮኒክ ምት ጋር፣ በዚያ ላይ ከሌላ አህጉር የመጣ ዋሽንት፤ ሁሉም በአንድ ድስት።

"ዓለም በሙሉ እዚህ ውስጥ ታርቋል!" ይሉኛል።

"ከታረቀ ለምን ይጮሃል?" አልኳቸው። አልሰሙኝም፤ ድምፁን ጨምረውት ነበር።

ሲታሩ ቀስ ብሎ ይጀምራል፤ ታብላው ይከተላል፤ ምቱ እየፈጠነ ይወጣ ይወጣና ድንገት ጸጥ ይላል። ያኔ ምላጩ አየር ላይ ይቆማል። "ቆይ ወንድሜ፣ አሁን ነው የሚመጣው!" ግማሽ ጢሜ ተላጭቶ፣ ግማሹ አረፋ ለብሶ የሚመጣውን እንጠብቃለን። ሲመጣ መስታወቱ ይንቀጠቀጣል። ጎረቤታቸው ጫማ ሰፊው በንዴት ግድግዳውን ሲደበድብ፣ የሚያጅባቸው ይመስላቸዋል። አንድ ቀን ምቱ ሲመጣ እጃቸውም አብሮ መጣና የአንድ የሒሳብ መምህር ቅንድብ ሄደ።

"ይበቅላል" አሉት። "ያቺን ቦታ ግን ሰማሃት?"

ሌላ ፀጉር ቤት የለም ወይ ትሉኝ ይሆናል። ሞልቷል። ነገሩ የአባቴ ነው።

እናቴ ከሞተች ወዲህ አባቴ መላጨቱንም ማውራቱንም ተወ። ቀን ከሌት ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ይተኛል። እህቴ ብትለምነው፣ እኔ ብቆጣው፣ ወይ ፍንክች! ፈራሁ። ቢቸግረኝ ክቡርነታቸውን ቤት ጠራኋቸው፤ ሙዚቃ እንዳያመጡም አስማልኳቸው።

"ልጆቼን!" ብለው ማሉ። ድምፅ ማጉያውን በፎጣ ጠቅልለው መጡ።

ደሜ ፈላ። እናቴ በሞተችበት ቤት ሲታሩ ጀመረ፤ ታብላው ተከተለ፤ ምቱ ወጣ ወጣና ጸጥ አለ።

"ይቆዩ አባባ፣ አሁን ነው የሚመጣው!"

ዘልዬ አጠፋሁት።

ከዚያ አልጋው ተንቋቋ። አባቴ ፊቱን አዙሮ ፀጉር አስተካካዩን አያቸው።

"የታለ?" አለ። "ይመጣል አላልክም?"

እህቴ በሩ ላይ ቆማ ማልቀስ ጀመረች። ክቡርነታቸው ግን አረፋውን እየመቱ፣ "ሳይላጩ አይመጣም አባባ" አሉ። አባቴ ቀስ ብሎ ተነስቶ ተቀመጠና አገጩን ቀና አደረገ።

አሁን በየሳምንቱ ይመጣሉ። ጩኸቱን ዛሬም አልወደድኩትም፤ ለሰውዬው ግን ዕድሜ ይስጥልኝ። ትናንት እራት ቀርቧል ልላቸው ብገባ፣ ምቱ ወጥቶ ጸጥ ብሏል፤ አባቴ በአዲስ የተላጨ ፊቱ አየኝና ጣቱን አነሳ።

"ቆይ ልጄ፣ አሁን ነው የሚመጣው።"

እራቱ እየቀዘቀዘ፣ ቆሜ ጠበቅኩ።