የራዶስላቭ ሲምፎኒ ወደ አዳራሹ እንዴት እንደገባ

ከሁሉ አስቀድሞ ለከተማችን የኦርኬስትራ ኮሚቴ ምስጋና ይገባል። በዳኑብ ዳር ካሉት ከተሞች ሁሉ ክላሲካል ሙዚቃ ምን እንደሆነ በማኅተም ያረጋገጠች የኛዋ ብቻ ናት። ውሳኔው አጭር ነው፦ «ክላሲካል ማለት ደራሲው የሞተ ሙዚቃ ነው። በሕይወት ያለ ሰው ድርሰት በአዳራሹ አይቀርብም።»

ለዚህ ጥበብ መነሻ የሆነው የኦርኬስትራው መሪ ራዶስላቭ ነበር። ሃያ ቫዮሊንና የበያጁን የስፓስን የኤሌክትሪክ ጊታር አጋብቶ ሲምፎኒ ጻፈ። ኮሚቴው ከለከለ። እሱም ሠላሳ ዓመት ሙሉ በከብት ገበያው ሜዳ፣ የትራክተር ተጎታች ላይ ቆሞ አስጨፈረበት። አዳራሹም ሠላሳ ዓመት ሙሉ ክብሩን ጠብቆ ያለ አድማጭ ባዶውን ኖረ። አድልዎ አልነበረም፤ የአዳራሹ ሥራ አስኪያጅ የአቶ ኦግንያን የዳንስ ድርሰት፣ ቫልሱም በዚያው ሕግ መሳቢያ ውስጥ ተቀብሮ ቀርቷል።

«አንድ ቀን ጣሪያ ያለው ቦታ ላይ ብሰማው» ይላት ነበር ራዶስላቭ ሚስቱን ቢሴራን። ሳይሰማው በመጋቢት ሞተ።

ቢሴራ አለቀሰች። ከዚያ ፊቷን ታጠበችና በራቸው ላይ የተለጠፈውን፣ ፎቶው ያለበትን የሞት ማስታወቂያ ልጣ ሥራ አስኪያጁ ቢሮ ሄደች።

«አቶ ኦግንያን፣ ባሌ መስፈርቱን አሟልቷል። ለአርባው ሲምፎኒው ይመታልኝ።»

ሥራ አስኪያጁ ወረቀቱን ገልብጦ ማኅተም ፈለገ። «መሞታቸውንስ አልክድም፤ ቀብሬያቸዋለሁ። ጊታረኛው ግን በሕይወት አለ።»

«ቫዮሊን መቺዎቹስ ሞተዋል?»

ሥራ አስኪያጁ በመጨረሻው ኮንሰርት ቫዮሊን መቺዎቹ እንዴት እንዳንቀላፉ አስታወሰ። ፈረመ።

በአርባው ቀን ስፓስ መነጽሩን እየጠራረገ ጠጋ አላት። «እትዬ ቢሴራ፣ ሰዎቹ ጨዋ ናቸው። ቀስ አድርጌ ልምታው?»

«ለነሱ ነው እንዴ የምትመታው? መስኮቱ ይርገፍ።»

መስኮቱ አልረገፈም፤ የሠላሳ ዓመት አቧራ ግን ከጣሪያው በኮሚቴው ራስ ላይ ወረደ። ኮሚቴው አቧራውን ሳያራግፍ ቆሞ አጨበጨበ። ቢሴራ ብቻ ተቀምጣ፣ ጎኗ ያለውን ባዶ ወንበር ይዛ ቀረች።

በኋላ እንደ ልማዳችን ስኳር የተነሰነሰበትን የስንዴ ንፍሮ ስታድል አቶ ኦግንያን ዓይኑን እየጠረገ መጣ።

«ምን ዓይነት ክላሲካል ነው! ቀደም ብለው ቢሞቱ ኖሮ እኮ ሠላሳ ዓመት ባላባከንን።»

ቢሴራ አልተቆጣችም። ንፍሮውን በትልቁ ጭልፋ ዝቃ ሰጠችው።

«የእርስዎም ቫልስ ከመሳቢያ የሚወጣበትን ቀን እግዜር ያቅርበው» አለችው። «አዳራሹ ለምዷል፤ ንፍሮውን እኔ እችላለሁ።»