የእትዬ ክላሰር አንዲት መስመር

ሰው በመኪና አደጋ የሞተበት ቤት ሁለት ነገር ሳይጠሩት ይመጣል፦ ሐዘን እና እትዬ ክላሰር። ሐዘን ቀድሞ ይገባል። እትዬ የሚዘገዩት በር ላይ ጫማቸውን ስለሚያራግፉ ብቻ ነው።

መቼም እንደሳቸው ያለ ሰው የሌለበት ሰፈር የለም። የኛዋ ክብርት እትዬ ጡረታ የወጡ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ናቸው። ቅጽል ስማቸውን ያገኙት ከብብታቸው ከማይለየው ሰማያዊ ክላሰር ነው። የምታለቅስ ሴት አጠገብ ይቀመጡና ጀርባዋን እያሻሹ፣ «አልቅሺ ልጄ፣ ይውጣልሽ» ይላሉ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ፣ «የፖሊስ ሪፖርቱን ኮፒ አድርገሻል?»

ለመኪና አደጋ ካሳ የሚከፍለው መሥሪያ ቤት ኃላፊ የእትዬን ሳል ከደረጃው ሥር ሲሰማ መጸዳጃ ቤት ገብቶ ይደበቅ ነበር አሉ። አንድ ቀን እሳቸው ወንበር ስበው በሩ ላይ ተቀመጡ፤ የጀመሩትን የሹራብ ሥራም አወጡ። «ይጨርስ ልጄ፣ የተፈጥሮ ጉዳይ አያስቸኩልም።» እጅጌው ሳያልቅ ኃላፊው ወጣ፤ ፈረመም። «ነገ ተመለሱ» የሚላቸው ካለ፣ «ነገ ስንት ሰዓት ከስንት ደቂቃ?» ብለው ይጽፉበታል። ለዚህ ሁሉ ልፋት ከማንም ምንም አይቀበሉም። ምስጋና እንኳ ቢሆን በጽሑፍ ካልሆነ አይወዱም።

እኔ የዘፈን ግጥም ጸሐፊ ነኝ። ጨረቃ ስታጎነብስ የማለቅስ ሰው ነኝና፣ «እንባን በቅጽ የሚያስሞሉ ሴት» እያልኩ አማቸው ነበር። ፍሬኑ እንቢ ያለ የጭነት መኪና የእህቴን ባል፣ ያንን ገራገር አስተማሪ፣ እስኪነጥቀን ድረስ።

ሁለት ልጆች ቀርተዋል። የካሳው ማመልከቻ ዓርብ ይዘጋል፤ እኛ ከእትዬ ጋር ሐሙስ ከሰዓት በኋላ የካሳ ክፍሉ መስኮት ፊት ቆመናል። እህቴ እስክሪብቶውን አነሳች። ቅጹ ላይ «የሟች ጥገኛ ስም» የሚለውን አየችና መልሳ አስቀመጠችው።

«አልፈርምም።»

«ምነው?» አልኳት።

«ጥገኛ ማናት? አሥራ አራት ዓመት ልብስ እየሰፋሁ ቤቱን እኩል የያዝኩት እኔ? ካልሲውን እንኳ ያለ እኔ የማያገኝ ሰው ሞቶብኝ፣ እኔ ጥገኛ ልባል?»

«ለልጆቹ ስትይ…»

«ለልጆቼ ስል ነው እንጂ! ነገ አድገው ያነቡታል።»

እትዬ ወደ መስኮቱ ጠጋ አሉ። «እውነቷን ነው። ቃሉን ሰርዘው፣ የኔ ልጅ።»

ከመስኮቱ ኋላ የተቀመጠው ጸሐፊ አንገቱን ደፋ። «እትዬ፣ ስርዝ ድልዝ ያለበት ቅጽ ውድቅ ነው። እርስዎ አይደሉ እንዴ መዝገብ ቤት ያስተማሩኝ?»

እትዬ ክላሰራቸውን ከፈቱ፤ ዘጉ። የእህቴን ፊት አዩ። የግድግዳውን ሰዓት አዩ።

«መጨመርስ ይከለከላል?»

«መጨመር እንኳ… አይከለከልም፤ ግን…»

«ግኑን ለሌላ ቀን አቆይልኝ።»

«ተጨማሪ መግለጫ» በሚለው ባዶ ቦታ ላይ፣ በዚያ ዶቃ በመሰለ የመዝገብ ቤት ጽሕፈታቸው አንዲት መስመር ጻፉ፦

«ሟችም የእርሷ ጥገኛ ነበር።»

እህቴ አነበበችው። ደግማ አነበበችው። «ካልሲውን እንኳ…» አለችና ሳቅ አመለጣት፤ እሱ ከሞተ ወዲህ የመጀመሪያዋ ሳቅ ነበረች። እንባዋ ተከትሎ ወረደ፤ ወረቀቱን እንዳያርሰው በክንዷ ከልላ ፈረመች። ጸሐፊው ከወንበሩ ተነስቶ ማኅተሙን ቆሞ መታ።

እኔ? ሃያ ዓመት ሙሉ ጨረቃና ከዋክብት ስለቅም ኖሬ፣ ያቺን የምታክል አንዲት ስንኝ ወጥታኝ አታውቅም። ከነእንባዬ ፈዝዤ ቆሜ ሳለ እትዬ ጎኔን በክላሰሩ ጎሸም አደረጉኝ።

«አንተ ገጣሚ! ምን ደርቀህ ትቆማለህ? ኮፒ አድርገህ ና እንጂ!»

ሮጥኩ። ሁለት ኮፒ አደረግሁ። አንደኛው ፋይሉ ውስጥ ገብቷል፤ ሁለተኛው ይኸው ደረት ኪሴ ውስጥ አለ።