የጋቢናው አዛዥ በውሃ ላይ

መኪና ሁሉ ሁለት ሾፌር አለው። አንዱ መሪ የጨበጠው ነው፤ ሌላው ጋቢና የተቀመጠው። መሪ የጨበጠው መንጃ ፈቃድ ይጠየቃል፣ ዓይኑ ይመረመራል፣ ሲያጠፋ ይቀጣል። ጋቢና የተቀመጠው ግን ምንም አያስፈልገውም፤ አፍ ይበቃዋል። ከሆሳዕና እስከ ጆሃንስበርግ፣ ከሚኒባስ እስከ ሬሳ መኪና፣ ይህ ሰው የሌለበት ጉዞ የለም። እናንተም ታውቁታላችሁ። ምናልባት ዛሬ ጠዋት እንኳ "ያዝ! ያዝ! አላየኸውም እንዴ?" ብሎ ነፍሳችሁን ሊያወጣት ምንም አልቀረውም።

የኤርጎጌ ዕጣ ክፍል ክቡር ጋሽ ምሕረቱ ናቸው።

ኤርጎጌ ጆሃንስበርግ፣ ሮዘተንቪል ሰፈር ትኖራለች፤ ስፓዛዋ፣ ያቺ ትንሽ የሰፈር ሱቋ፣ ያለችው ግን ከከተማው ራቅ ብሎ ኦሬንጅ ፋርም ነው። ጋሽ ምሕረቱ ሮዘተንቪል በእሷው ግቢ ከቤቷ ጀርባ ያለችውን ክፍል ተከራይተዋል፤ ሱቃቸውም ከእሷ ሱቅ ትንሽ ዝቅ ብሎ ነው። ስለዚህ ኤርጎጌ ጠዋት ጠዋት ባኪዋን፣ ያቺን ከኋላዋ ክፍት የሆነች አሮጌ የጭነት መኪና ስታስነሣ፣ ጋሽ ምሕረቱ ጋቢና ተሰይመዋል። መንጃ ፈቃድ የላቸውም። በዕድሜያቸው መኪና ነድተው አያውቁም። አህያ እንኳ መንዳታቸውን የሚመሰክር የአገር ልጅ አልተገኘም።

ገና ከበሩ ሲወጡ ይጀምራሉ። "በቀኝሽ ሰው አለ።" ሰውየው ግድግዳ ተደግፎ ሲጋራ ያጨሳል፤ የትም የመሄድ አሳብ የለውም። "ሮቦቱ ቀይ ነው።" ሮቦት እዚህ አገር የትራፊክ መብራት ነው፤ ቀይ መሆኑን ደግሞ ማየት የሚሳነው የለም። "አሁን አረንጓዴ ሆነ። ምን ትጠብቂያለሽ?" ጎልደን ሃይዌይ ላይ ሲወጡ ደግሞ፣ "እኔ ብሆን ያኛውን መስመር ነበር የምይዘው።" "እኔ ብሆን" የምትለው ቃል ከአፋቸው ከ"አሜን" ይልቅ ትበዛለች፤ አሜን የሚሉት ደግሞ ጥቂት አይደለም።

ኤርጎጌ ጥርሷን ትነክሳለች። ሰው አክባሪ ናት፤ ጋሼ የምትለውን ሰው ዝም በል አትልም። ንዴቷን ትውጠዋለች። የተዋጠ ንዴት ግን እንደ ተዋጠ አጥንት ነው፤ አንድ ቦታ ይቆማል።

በጥር ወር፣ ሁለተኛው ማዕበል ከተማውን ሲያምስ፣ ኮሮና ኤርጎጌን አልጋ ላይ ጣላት። ያን ጊዜ ጋሽ ምሕረቱ ዶክተር ሆኑ። ማስክ በማስክ ላይ ደርበው፣ ወንበር ይዘው መጥተው መስኮቷ ሥር ተቀመጡ። "በሆድሽ ተኚ! በሆድሽ! አሁን ወደ ግራ ዙሪ። ዞርሽ? ኤርጎጌ፣ ዞርሽ ወይ?" መተንፈስ ያቃታት ሴት መልስ ካልሰጠች መስታወቱን ያንኳኳሉ። ነርሷ ልትጠይቃት ስትደውል፣ ስልኩን ስፒከር ላይ እንድታደርገው አዘዙና በመስኮቱ በኩል፣ "ሲስተር፣ እኔ ብሆን…" ብለው ጀመሩ።

እግዚአብሔር ይመስገን፣ ኤርጎጌ ተነሣች። ስትነሣም ለጌታዋ አንድ ቃል ገባች። ሱቅ ከተከፈተ በኋላ "ዳቦ፣ ስኳር፣ የስልክ ኤርታይም" ሲባል ይመሻል፤ የራሷ የሆነ ጊዜ የጠዋቱ መንገድ ብቻ ነው። ያንን መንገድ ሙሉ በሙሉ ለምስጋና እሰጣለሁ አለች። ሰኞ ጀመረች። "ጌታ ሆይ፣ እስትንፋሴን ስለመለስክልኝ…" ብላ በልቧ ጸሎቷ ውስጥ ጥልቅ ስትል፣

"ጉድጓድ!" አሉ ጋሽ ምሕረቱ።

ማክሰኞ፣ "ጌታ ሆይ፣ ምሕረትህ የበዛ…"

"ፍሬን! ፍሬን!"

ረቡዕ እንደገና፣ ሐሙስም እንደዚያው። ልክ መንፈሷ ከፍ ሲል ጠብቀው የሚመቷት ይመስላት ነበር። ለሁለት ጌቶች መገዛት አይቻልም ይላል ቃሉ፤ ለአንድ ጌታና ለአንድ ጋሽ ምሕረቱ ደግሞ ጨርሶ አይቻልም። ኤርጎጌ ወሰነች። ጋሽ ምሕረቱ ከእሷ መኪና ይወርዳሉ። ስድሳ ያለፋቸው ሰው ናቸው፣ ታክሲ እየቀያየሩ መሄድ ይከብዳቸዋል፤ ታውቃለች። ግን ቃል የገባችው ለማን ነው? የምትነግራቸውን ቀንም መረጠች፤ ከቤተ ክርስቲያን ጉዞ መልስ።

ማዕበሉ በረድ ብሎ ግድቦችና ወንዞች ለሕዝብ ሲከፈቱ፣ ቤተ ክርስቲያናቸው ከበሽታው ለተነሡት የምስጋና ጉዞ አዘጋጅታ ነበር። በተራሮች መካከል የተጋደመ ግድብ አለ፤ ግራና ቀኙ ገደል ነው፤ በካያክ፣ በዚያች ቀጭን የፕላስቲክ ጀልባ፣ በአስጎብኚ እየተመሩ ይቀዝፉበታል። ማስታወቂያው "የአፍሪካ ፊዮርድ" ይላል። ጋሽ ምሕረቱ አልታመሙም። አንዲት ሳል እንኳ አልሳሉም። ነገር ግን በጉዞው ጠዋት ከሁሉ ቀድመው የሚኒባሱ ጋቢና ውስጥ ተገኙ።

"አስተባባሪ ነኝ" አሉ። ማን እንደሾማቸው እስከ ዛሬ አልታወቀም።

መንገዱን ሙሉ ፕሮፌሰር ሆነው አስተማሩ። "ፊዮርድ ማለት ባሕር ገደል ለገደል ሲገባ ነው። ያለው ኖርዌይ ነው። ይሄ ግድብ ነው። እኔ ብሆን ፊዮርድ ብዬ ሕዝብ አላታልልም። አንተ ደግሞ መኪናውን ቀስ አድርገው!" ሾፌሩ አማርኛ አለመስማቱ በረከት ሆነለት።

ውሃው ዳር ኖምሳ የምትባል ትከሻዋ ሰፊ አስጎብኚ ተቀበለቻቸው። ካያኮቹ ሁለት ሰው የሚይዙ ናቸው። "ከኋላ የተቀመጠ ይመራል" አለች ኖምሳ። "ከፊት ያለው ይቀዝፋል። ከፊት ያለው ወደ ኋላ ማየት አይችልም፤ ስለዚህ ለኋለኛው ይታዘዛል።" ኤርጎጌ ይህን ስትሰማ ደስ አላት፤ ከፍሬገነት ጋር እቀመጣለሁ ብላ አሰበች። ፍሬገነት አፏ ቁጥብ የሆነ፣ ከእሷው ጋር የታመመች እህት ናት። ጋሽ ምሕረቱ ኖምሳን ለብቻዋ ወስደው ጣታቸውን እያወናጨፉ ሲያወሩ አይታ በእሳቸው ፈንታ እሷ አፈረች፤ ደግሞ ይቺን ሊያስተምሩ ነው! ፊቷን አዙራ ላይፍ ጃኬቷን አሰረች። መለስ ስትል ፍሬገነት ከሌላ ሰው ጋር ተቀምጣለች። በእሷ ካያክ የፊት ወንበር ላይ ደግሞ ክቡር ጋሽ ምሕረቱ ተሰይመዋል።

"ጋቢናው የኔ ነው" አሉ ሳይዞሩ። "ግቢ እንጂ፤ ሰው ጥሎን ሄደ።"

ኤርጎጌ ሰማይ ሰማይ አየች። ከላይ መልስ አልመጣም። ገባች።

ውሃው ጸጥ ያለ ነበር። ገደሉ ግራና ቀኝ ቆሞ ውሃው ላይ መልኩን ያያል። ሰው እንዲህ ያለ ቦታ ሲደርስ ምስጋናው ራሱ ከአፉ ይወጣል። ኤርጎጌ አፏን ልትከፍት ስትል፣

"ድንጋይ! በቀኝ! ያዢ!" አሉ አድሚራል ምሕረቱ። "አሁን በግራ! ሌላ ድንጋይ! በቀኝ በኩል ክፍት ነው፣ በቀኝ!"

ኤርጎጌ በልማድ ወደ ቀኝ አዞረች። ካያኩ ከገደሉ ጋር ተሳሳመ።

"በግራ ማለቴ ነው" አሉ አድሚራሉ፣ ድምፃቸው ሳይለወጥ።

ሌሎቹ ካያኮች ቀድመው በመታጠፊያው ጠፉ። ከገደሉ መሐል ነፋስ ተነሣና ውሃው መነጫነጭ ጀመረ። የኤርጎጌ ትንፋሽ አጠረ፤ ደረቷ ውስጥ ያ የጥር ወር ፉጨት ተመለሰ። መቅዘፊያዋን ጭኗ ላይ አስቀመጠች። የሚገርመው፣ ካያኩ አልቆመም፤ ጋሽ ምሕረቱ ልብስ እንደሚያጥብ ሰው ውሃውን እየደበደቡ ወደ ፊት ይጎትቱታል። አፋቸው ግን አላረፈም። "ድንጋይ! በግራ! ኤርጎጌ፣ እኔ ብሆን…"

ያን ጊዜ አጥንቱ ወጣ።

"ጋሼ! ዝም ይበሉ! ዝም! እርስዎ እንዲህ ቢሆኑ፣ እርስዎ እንዲያ ቢሆኑ! ከሰኞ ጀምሮ እኔ መኪና ላይ አይወጡም፤ ታክሲ ይፈልጉ! አንድ ጠዋት እንኳ ለጌታዬ አልተዉልኝም!"

ገደሉ ቃሏን ተቀብሎ አንድ በአንድ መለሰው። ጋሽ ምሕረቱ ግን መቅዘፋቸውን አላቆሙም።

ኖምሳ ጩኸቱን ሰምታ ካያኳን እያበረረች ተመለሰች። ከፊታቸው መጥታ ጋሽ ምሕረቱን አየችና፣ "ሃይቦ!" ብላ ሳቀች። "ሲሲ፣ እህቴ፣ የእርስዎ ካፒቴን እንደጨፈነ ነው!"

"ምን?"

"ዓይኑን ነዋ። ከዳር ጀምሮ አልገለጠም እንዴ? ባባ መዋኘት አይችልም፣ ውሃ ይፈራል፤ ዳር ላይ ነግሮኛል። ሳንባዋ ገና አልጠናም፣ ቢደክማት የሚቀዝፍላት ሰው ከፊቷ መሆን አለበት ብሎ ጨቀጨቀኝ። ሌላ ጠንካራ ሰው ልስጣት ስለው እምቢ አለ።"

ኤርጎጌ ለወራት ያጠራቀመችውን ንዴት ገና ማውጣት ስትጀምር ነጠቋት፤ ይሄም ሌላ ንዴት ሆነባት።

"ጨፍነው ነው 'ድንጋይ' የሚሉኝ?"

"መንገድ ላይ ድንጋይ መቼ ጠፍቶ ያውቃል?" አሉ ጋሽ ምሕረቱ።

"ለምን ታዲያ ዝም ብለው አይቀመጡም?"

"ዝም ስል እፈራለሁ።"

"መኪና ላይስ? መኪና ላይም ይፈራሉ?"

"መኪና ላይ ይብሳል። አንቺ እየነዳሽ ትጨፍኛለሽ እኮ።"

"እኔ?"

"ስትጸልዪ። ከንፈርሽ መንቀሳቀስ ሲጀምር ዓይንሽ ይከደናል። ጎልደን ሃይዌይ ላይ፣ ጭነት መኪና መሐል። መጀመሪያ ቀን 'ጉድጓድ' ያልኩት ጉድጓድ ኖሮ አይደለም።"

ኤርጎጌ ጠዋቶቹን አንድ በአንድ አስታወሰች። ጉድጓዱን አይታው አታውቅም። ፍሬን የተባለችበትንም ምክንያት አይታ አታውቅም።

"አንድ ቀን እንኳ ለምን አልነገሩኝም?"

"ሰው ከጌታው ጋር ሲነጋገር ዓይንሽን ግለጪ ይባላል እንዴ?" አሉ፤ በእውነት የተቆጡ ይመስላሉ። "ነውር አይደለም?"

ኖምሳ ቋንቋው ባይገባትም ነገሩ ገብቷት ራቅ አለችላቸው። ኤርጎጌ መቅዘፊያዋን አንሥታ ቀስ ብላ ውሃ ውስጥ ነከረች። ነፋሱ አለፈ። ካያኩ በመታጠፊያው ዞረ።

"ሰኞ ጠዋት እንዳያስጠብቁኝ" አለች በመጨረሻ፣ ቁጣዋ ሳይበርድ።

"መቼ አስጠብቄሽ አውቃለሁ?"

እውነት ነው፤ አስጠብቀዋት አያውቁም። ይህም አናደዳት።

ከመታጠፊያው በኋላ ገደሉ ከፍ ብሎ ቆሟል፤ ከአናቱ ቀጭን ውሃ ይወርድበታል። ኤርጎጌ ዓይኗን በልጥጣ ከፍታ፣ ድምፅዋን አውጥታ ጀመረች። "ጌታ ሆይ፣ እስትንፋሴን ስለመለስክልኝ አመሰግንሃለሁ። ስለዚህ ውሃ፣ ስለዚህ ቀይ ገደል…"

"ቀይ አይሆንም" አሉ ጋሽ ምሕረቱ። "የዚህ አገር ድንጋይ ቡናማ ነው።"

"ይግለጡና ይዩት!" ብላ ጮኸች ኤርጎጌ፤ ገደሉም ትእዛዙን ደጋገመላቸው።

የጋሽ ምሕረቱ ራስ ቀስ ብሎ ቀና ሲል ከኋላ አየች። መቅዘፊያቸው ቆመ። ከዚያ በፊትም ሆነ ከዚያ በኋላ እንደዚያ ረጅም ዝምታ ከእሳቸው ተሰምቶ አያውቅም።

"ቀይ ነው" አሉ።

ወዲያው ራሳቸውን መልሰው ደፉ፤ መቅዘፊያቸውን በሁለት እጃቸው አጥብቀው ያዙ።

"ቀጥዪ" አሉ። "ገና አሜን አላልንም።"