ክብርት ትርንጎና የጥልቁ ባሕር ዛጎል

በየከተማው፣ ወሬውን ሁሉ ጎትቶ ወደ ራሱ ጉዳይ የሚያስገባ ሰው አይጠፋም። እኛ ጎንደሮች ግን ክብርት ትርንጎን ይዘን ማን ይስተካከለናል!

ክብርት ትርንጎ ሁለተኛ ዲግሪዋን የምትማር ወጣት ናት። የምታጠናው ፀሐይ በማይደርስበት የባሕር ወለል ላይ የሚኖሩ፣ ከጥፍር እምብዛም የማይበልጡ፣ ስካሎፕ የሚባለው የባሕር እንስሳ ዘመድ የሆኑ ባለ ሁለት ክዳን ዛጎሎችን ነው። ሠርግ ቤት የሙሽራዋ ዓይነ ርግብ ሳሳ ቢባል፣ «የኔዎቹ ከዚህ ይሳሳሉ» ትላለች። መብራት ጠፋ ብሎ ሰው ሲያማርር፣ «እነሱ ዕድሜ ልካቸውን ጨለማ ውስጥ ናቸው፤ አማረሩ?»

ቦርሳዋ ውስጥ ዛጎል መኖሩ ሲሰማ ደግሞ ሰፈሩ ዛጎል ጣይ አደረጋት። በሬ የጠፋባቸው ሴት ከኮላ ድባ ድረስ መጡ። ክብርት ትርንጎ ጠያቂ በማግኘቷ ደስ ብሏት ስለ ጨለማው፣ ስለ ብርዱ፣ ስለ ውሃው ክብደት አንድ በአንድ አስረዳቻቸው። ሴትዮዋ ጭንቅላታቸውን ያዙ።

«ወይኔ ልጄ! በሬዬ ባሕር ገባ ማለትሽ ነው?»

ሰሞኑን ግን ሳቁ ቆመ። ትምህርት ክፍሏ፣ «ባሕር በሌለበት አገር ይህ አይሆንም። በግ ማድለብ ላይ ሥሪ፤ አለዚያ አማካሪ አንመድብልሽም» አላት። አጎቷ አያ ማሩ እኔን ጠሩኝ።

«አንተ ግጥም ትጽፋለህ፣ አንደበትህ ሸጋ ነው። እባክህ ይህን ነገር አስተዋት።»

ቀሐ ወንዝ ዳር ተቀምጣ አገኘኋት።

«ምነው በጉን ብትይዢ? በግ ምን በደለሽ?»

«ምንም። በግ ሺህ ሰው አለው። እነሱ ማን አላቸው?»

«አገራችን ባሕር የላትም እኮ፣ ትርንጎ።»

«ጨረቃስ አለቻት? አንተ የምትገጥምላት ማን ፈቅዶልህ ነው? ነገ ገብቼ አልቀይርም እላቸዋለሁ። አማካሪ ከከለከሉኝ ብቻዬን እጽፈዋለሁ።»

ከብልቃጥ አንዷን አውጥታ መዳፌ ላይ አስቀመጠች። በዛጎሏ ውስጥ የመዳፌ መስመር ወለል ብሎ ታየኝ። ይህች ስስ ነገር ያን ሁሉ ውሃ ችላ መኖሯ! የተላክሁበትን ምክር ትቼ፣ እዚያ ጨለማ ውስጥ ምን እንደሚበሉ እጠይቃት ጀመር።

ስመለስ አያ ማሩ ደጃፋቸው ላይ ቆመው ይጠብቁኛል።

«ተወችው?»

«አልተወችም።»

«አንተስ ምን አልካት?»

«ምን እላታለሁ፣ አያ? ዛጎሎቿ አድነው እኮ ነው የሚበሉት! ዘመዶቻቸው ውሃ ያመጣላቸውን አጥልለው ይኖራሉ፤ እነዚህ ግን...»

በሩን ጠረቀሙብኝ። እኔም ለሳንቃው ቀጠልሁለት። ነገ ትምህርት ክፍሉ ፊት አብሬያት ስለምቆም፣ መለማመድ ነበረብኝ።