እትዬ ይግባኝና የኮሪደሩ ተማሪዎች

ፍርድ ቤት ባለበት ሁሉ አንዲት እትዬ ይግባኝ አይጠፉም። ዳኛ ይቀየራል፣ ግድግዳው ቀለም ይቀባል፣ ሕጉም ይሻሻላል፤ እሳቸው ግን ያቺው አግዳሚ ወንበር ጫፍ ላይ፣ ማስረጃ የታጨቀበትን ፌስታል ታቅፈው ቁጭ ብለዋል። "ተረቱ እኮ!" ሲሏቸው "ገና ነው" ይላሉ።

የዚህን ፍርድ ቤት መዝገብ ያዥ ፍዳውን ያበሉት እትዬ ይግባኝ ሠላሳ ዓመት ርዕሰ መምህርት ሆነው ጡረታ የወጡ ናቸው። ግቢያቸው ውስጥ የግል ትምህርት ቤት ለመክፈት ፈቃድ ጠየቁ፤ የትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ሜትሩን ይዞ መጣ። ክፍሎቹ አለፉ፣ መጸዳጃ ቤቱም አለፈ። መጫወቻ ሜዳው ግን ከመስፈርቱ በሁለት ካሬ ሜትር ጎደለ፤ መሐሉ ላይ የቆመው የትልቁ ዛፍ ግንድ ተቀንሶ ነው።

"ዛፉን ያስቆርጡና ነገ ይምጡ" አሏቸው።

"ልጆቹን ፀሐይ ሲመታቸው መስፈርቱን ልዘርጋላቸው?" አሉና ከሰሱ። ይኸው ሦስት ዓመት። ሁለቴ ተረቱ፣ ሁለቴም እዚያው ሕንፃ ውስጥ ወዳለው የበላይ ችሎት ይግባኝ አሉ።

የመዝገብ ያዡ ቢሮ ከአግዳሚው ፊት ለፊት መሆኑ ነው ጉዱ። ጠዋት ቁልፉን ሳያዞር "እንደምን አደርክ ልጄ? መዝገቤስ እንዴት አደረ?" ይሉታል። መዝገቡ ደህና ማደሩን ካረጋገጡ በኋላ ወደ እሱ ይዞራሉ። "ቀና ብለህ ተቀመጥ፣ ወገብህን ነው የምትጎዳው።" የአርባ አምስት ዓመት ሰው ቀና ይላል።

ይህም ባልከፋ። ባለጉዳዮች ልጆቻቸውን ይዘው ይመጣሉ፤ ልጅ ደግሞ ኮሪደር ላይ ሦስት ሰዓት ዝም ብሎ አይቀመጥም። አንድ ቀን እትዬ ይግባኝ ወላጆቻቸው የሚፋቱ ሦስት ሕፃናትን ሰብስበው፣ በአሮጌ መጥሪያ ጀርባ ላይ ፊደል ማስቆጠር ጀመሩ። በሁለተኛው ዓመት ቀጠሮ የሌላቸው ሰዎች እንኳ ልጆቻቸውን ይዘው ከተፍ ይሉ ነበር። ችሎት አስከባሪው "ከሳሽ!" ብሎ ሲጣራ ሃያ ሕፃናት በአንድ ድምፅ "አቤት!" ይላሉ። መዝገብ ያዡ ለፍርድ ቤቱ ኃላፊዎች ሁለት ጊዜ የአቤቱታ ደብዳቤ ጻፈ። ሁለተኛው ላይ "ወይ እሳቸው ወይ እኔ" የሚል ነበረበት።

የመጨረሻው ቀጠሮ ደረሰ። ከዚህ ወዲያ ይግባኝ የሚባልበት ችሎት የለም፤ እዚህ ከተረቱ ትምህርት ቤቱ ሳይከፈት ቀረ ማለት ነው። የጽሕፈት ቤቱ ነገረ ፈጅ ኮቱን ቆልፎ ተነሣ።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣ እኚህ ይግባኝ ባይ ያለ ፈቃድ፣ ያውም በዚሁ ፍርድ ቤት ኮሪደር ላይ፣ ትምህርት ቤት ከፍተዋል! ሕግ ለጣሰ ሰው ፈቃድ አይሰጥም። ምስክራችን መዝገብ ያዡ ነው።" ሁለቱን ደብዳቤዎች ከፍ አድርጎ አሳየ።

እትዬ ይግባኝ ፌስታላቸው ውስጥ ማስረጃ ፈለጉ፤ ለዚህ የሚሆን አልነበረም። መልሰው ታቀፉት። መዝገብ ያዡ ይህን እያየ ወደ ምስክር መቆሚያው ወጣ። እነዚያን ደብዳቤዎች የጻፈበት ቀን ይረገም!

"ኮሪደሩ ላይ ትምህርት ቤት አለ ወይስ የለም?" አሉ ዳኛው።

መዝገብ ያዡ ወገቡን ቀና አደረገ። "ልጆች አሉ ክቡር ፍርድ ቤት። ፊደልም አለ። ጩኸትማ አለ፣ ጽፌአለሁ። ትምህርት ቤት ግን ሊሆን አይችልም።"

"ለምን?"

"በጽሕፈት ቤቱ መስፈርት መጫወቻ ሜዳ የለውማ።"

ችሎቱ በሳቅ አውካካ። ዳኛው ፊታቸውን በመዝገብ ከለሉ። ነገረ ፈጁ የመስፈርቱን ሰነድ ገለጠ፣ አነበበ፣ መልሶ ከደነ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ፍርዱ ተነበበ፤ ዛፉ የሜዳው አካል ነው፣ ፈቃዱ ይሰጥ።

በማግስቱ አግዳሚው ባዶ ነበር። "ተገላገልን!" አለ መዝገብ ያዡ ለችሎት አስከባሪው። አስከባሪው "ከሳሽ!" ብሎ ተጣራ፤ አቤት የሚል ጠፋ። ሁለቱም መሬት መሬት አዩ።

በሦስተኛው ሳምንት ማክሰኞ መዝገብ ያዡ ቁልፉን ሳያዞር፣ "እንደምን አደርክ ልጄ?" የሚል ድምፅ ሰማ። ፌስታሉ አዲስ ነው።

"ደግሞ ምን ሆኑ እትዬ?"

"እስከ አራተኛ ክፍል ፈቅደው አምስተኛን ከለከሉኝ። የቤተ ሙከራው በር ወደ ውስጥ ነው የሚከፈተው አሉ።"

መዝገብ ያዡ ኮሪደሩ ሁሉ እንዲሰማው አድርጎ "ኤዲያ! ደግሞ ልንጀምር ነው!" ብሎ አጉረመረመ። ከዚያ መሳቢያውን ሳበና አንድ የመዝገብ ሽፋን አወጣ። ስማቸው እስከነአያታቸው በጥሩ የእጅ ጽሑፍ ሰፍሮበታል። ሽፋኑን ያዘጋጀው የቀድሞው መዝገብ በተዘጋ ማግስት ነበር።